የተቆራረጠው መሥመር

ሰፈርተኛው «ባለክሩ»፣ ቤተሰቡ ደግሞ «አባባ» እያለ የሚጠራቸው ካርታ ሠሪ፣ የዛሬ ሰባ አንድ ዓመት ከውኃ ጉድጓድ ቆፋሪ አባታቸውና ከልብስ አጣቢ እናታቸው ተወለዱ። ገና በሰባት ዓመታቸው መዳፋቸውን መሬት ላይ ሲያሳርፉ ከሥር ውኃ ካለ እጃቸው ይቀዘቅዝ ስለነበር፣ አባታቸው ሌላ ምልክት ሳይፈልጉ ልጃቸው «እዚህ ጋ በረደኝ» ያሉበትን ይቆፍሩ ነበር። ነገሩ እንዴት እንደሚሆን ለጠየቃቸው ሰው ሁሉ፣ እስከ ዕድሜያቸው መጨረሻ፣ «እኔ ምን አውቄ፣ እጄን ጠይቁት» ከማለት በቀር ሌላ መልስ አልነበራቸውም።

ስምንተኛ ክፍል ሳሉ አባታቸው ጉድጓድ ተደርምሶባቸው ስለሞቱ፣ ትምህርታቸውን አቋርጠው በካርታ መሥሪያ ቤት በጽዳት ሠራተኛነት ተቀጠሩ። ጠረጴዛ ሲወለውሉ በተጣለ ወረቀት ላይ የሳሉትን አለቃቸው አይተው ከካርታ ሠሪዎቹ ጋር አስቀመጧቸው። በየአንድ ክንድ ርቀት ቋጠሮ ያላትን የመለኪያ ክር ከኪሳቸው ማኖር የጀመሩት ያኔ ነው። ባዶ ወረቀት ላይ መዳፋቸውን ዘርግተው ጥቂት ከቆዩ በኋላ ሄደውበት የማያውቁትን የወንዝ መታጠፊያ ይስሉ ነበር፤ ባልደረቦቻቸው ቦታው ድረስ ሄደው ሲለኩትም ልክ ሆኖ ይገኝ ነበር።

በመሥሪያ ቤቱ ደንብ ያለቀ ድልድይ ባልተቆራረጠ መሥመር፣ ገና የሚሠራው ደግሞ በተቆራረጠ መሥመር ይሳላል። በሠላሳ ዓመታቸው፣ አንድ ድልድይ ማለቁን ሳያዩ፣ እጃቸው «አልቋል» ስላላቸው ብቻ ሠረዞቹን አገናኙ። ድልድዩ ግን መሐሉ ክፍት ነበር። ካርታው ታትሞ በወጣ በሁለተኛው ወር፣ ለአገሩ አዲስ የሆነ የጭነት መኪና ሾፌር በጠዋት ጉም ካርታውን አምኖ ሲነዳ፣ እሱና አራት ተሳፋሪዎች ወንዝ ገቡ። አንድም አልተረፈ።

ሥራቸውን ለቀው የአምስቱንም ሟቾች ቤት በእግራቸው ዞሩ፤ መሥመሩን የሳለው የእሳቸው እጅ መሆኑንም ለየቤተሰቡ ተናገሩ። አራቱ ቤት አስገቧቸው። የሾፌሩ እናት ግን በሩን ሳይከፍቱ፣ «ታዲያ ምን ላድርግልህ? እጅህን ቁረጠው!» አሏቸው። እጃቸውን አልቆረጡም። እግራቸው ያልረገጠውን መሥመር ግን ከዚያ ቀን ወዲህ አገናኝተው አያውቁም።

ከጥቂት ዓመታት በኋላ ልብስ ሰፊዋን ባለቤታቸውን አግብተው አንዲት ሴት ልጅ ወለዱ። ባለ ሁለት ክፍል ቤታቸው ውስጥ የነበረው አንድ ጠረጴዛ ግማሹ የስፌት መኪና፣ ግማሹ ወረቀት ነበር። ባለቤታቸው፣ «እኔ ቀን ሙሉ እገጣጥማለሁ፣ እሱ ቀን ሙሉ ይቆራርጣል» እያሉ ይቀልዱባቸው ነበር። ቧንቧ ሠራተኞችና መቃብር ቆፋሪዎች ዛሬም የሚሠሩት እሳቸው ቤታቸው ሆነው በሳሉት የሰፈር ካርታ ነው። ሰው የጠፋባቸው ሲመጡም እጃቸው ያመለከታቸውን በሠረዝ ይስሉና፣ አብረው ሄደው፣ መንገዱን እየረገጡ ያገናኙት ነበር። በዚህ ዓይነት አሥራ ሁለት ሰዎች ተገኝተዋል። ሰባቱ በሕይወት ነበሩ።

የልጅ ልጃቸው መኪና ስለምትፈራ፣ መንገድ ሲሻገሩ የክሩን ጫፍ ይዛ ሦስተኛዋን ቋጠሮ በጥርሷ ትነክስ ነበር። አምና በአራት ዓመቷ፣ በሦስት ቀን ትኩሳት፣ ክሊኒክ ውስጥ አረፈች።

አባቷ፣ ይህን የሕይወት ታሪክ እዚህ ቆሞ የሚያነብላችሁ አማቻቸው፣ በእጃቸው አምኖ የማያውቅ ሰው ነበር። ከቀብሯ ሁለት ሳምንት በኋላ ግን ባዶ ወረቀት ይዞ መጣና፣ «አባባ፣ የት እንዳለች ብቻ ያሳዩኝ» ብሎ ፊታቸው ዘረጋው። የሳንባ ሕመም ጀምሯቸው ነበር። መዳፋቸውን ከጠዋት እስከ ቀትር ከወረቀቱ ላይ አላነሱም። ከዚያም ከቤት እስከ ክሊኒኩ፣ ከክሊኒኩ እስከ መቃብሯ ያለውን መንገድ፣ ሁሉንም በእግራቸው ሄደውበታልና፣ ባልተቆራረጠ መሥመር ሳሉ። ከመቃብሯ እስከ ወረቀቱ ጠርዝ ያለውን በሠረዝ ሳሉትና እርሳሱን አስቀመጡ። አማቻቸው እርሳሱን መልሶ እጃቸው ላይ አስጨብጦ፣ «ያገናኙት እንጂ!» ብሎ ጮኸባቸው።

«እጄማ መንገድ አለ ይለኛል፣ ልጄ» አሉት። «ግን እጄ አንዴ ዋሽቶኛል። እግሬ ያልረገጠውን ላንተ ብዬ ላገናኝ?»

«እንግዲያው ያ እጅ ያኔ ቢቆረጥ ይሻል ነበር» ብሏቸው ወጣ። አራት ወር አላናገራቸውም። ሕመሙ ሲጠናባቸው ሚስቱ እያለቀሰች ብትለምነውም፣ ዛሬ ነገ ሲል ቆየ። ባለፈው ማክሰኞ ጠዋት ሲመጣ አርፈው አገኛቸው። ወረቀቱ ከትራሳቸው ሥር ነበር፤ አንዲትም ሠረዝ አልተገናኘችም። ክሩ ቀኝ እጃቸው ላይ ተጠምጥሟል፤ አብሯቸው እንዲቀበርም ለባለቤታቸው ነግረዋል።

ባለክሩ ባለቤታቸውን፣ አንዲት ልጃቸውንና ይቅርታ ሳይጠይቃቸው የቀረውን አማቻቸውን ትተው ሄደዋል። የልጅ ልጃቸው ቀድማቸዋለች። አምላክ ነፍሳቸውን በምሕረቱ ተቀብሎ ያሳርፍልን፤ የቀሩትንም ያጽናልን።

አባባ፣ አሁን እግርዎ ይረግጠዋልና ያገናኙት። መሻገሪያው ላይ ቆማ ካገኟትም የክሩን ጫፍ ያስይዟት፤ ብቻዋን መሻገር ትፈራለች።