ዝም ያልኩበት ፊልም

የጎረቤቴ ልጅ ሰላም ስለ ዕለት ኑሯችን ጸጥታ አጭር ፊልም ልትቀርጽ ቀሐ ሰፈር ካለው ደጄ መጣች። «አያ ታከለ፣ ምንም ሳይናገሩ ዝም ብለው ይቀመጡልኝ፤ አንዲት ቃል ከወጣዎት ይበላሽብኛል» አለችኝ። ባለቤቴ በሩ ላይ ቆማ ሳቀች። «እሱ ዝም ካለማ እኔ እመነኩሳለሁ!»

እልህ ያዘኝ። ጥርሴን ነክሼ ተቀመጥኩ። ወሬው ሆዴ ውስጥ እየፈላ ቀበቶዬን ሊበጥሰው ደረሰ። ይኼኔ የሰፈሩ ሁሉ ታላቅ አያ ሞላ ከዘራቸውን ይዘው ብቅ አሉ። ምን ይዋጠኝ? «ኖር» ብል ፊልሙ ተበላሸ፤ ባልል ባለጌ ተባልኩ። አፌን እንደዘጋሁ ብድግ ብዬ ከወገቤ ጎንበስ አልኩላቸው። እሳቸውም ነገሩ ገብቷቸው ደረታቸውን በእጃቸው ነካ አድርገው በዝምታ አለፉ።

ፊልሙ እዚሁ ከተማችን ፒያሳ ሲታይ አዳራሹ ጢም ብሏል። እኔ ፊልሙ ውስጥ ብድግ ስል፣ ተመልካቹ ሁሉ የተነሣሁለት ይመስል ግልብጥ ብሎ ተነሣና «በእግዜር!» አለ። ድምፁ አዘዞ አውሮፕላን ማረፊያ የቆመውን አውሮፕላን ያለ አብራሪ አስነሥቶታል፤ ያላመነ ሄዶ ይጠይቅ።

ወደ ባለቤቴ ዞርኩ። «በይ ተነሺ፣ ሱቅ ሳይዘጋ ቆቡን እንግዛ!»