የጋሽ ዩሱፍ በር

አሰላሙ አለይኩም። የተከበራችሁ አባቶች፣ የሥራ ሺፍታችሁን ቀይራችሁ የመጣችሁ ወንድሞቼ።

አሥራ አንድ ሰው ነን። ከአሥራ አንዳችን የጋሽ ዩሱፍ ዘመድ የሆነ የለም። ቻይናዊ ነበሩ። የፓስፖርት ስማቸው ማ ዩንሻን ነው፤ መስጊድ ስንተዋወቅ ግን “ዩሱፍ ነኝ” አሉን። ሚስታቸው ሞታለች፣ ልጅ የላቸውም። ስለዚህ የቀበርናቸው እኛ የወሎ ልጆች ነን።

ማን ነበሩ? ፓራዳይዝ ሰፈር ያለው አፓርታማችን ደረጃ ላይ ፌስታል ይዘው የምናያቸው ዝምተኛ ሽማግሌ? አዎ። ግን አገራቸው ሠላሳ አንድ ፊልም በካሜራ የቀረጹ ሰው ናቸው! መብራት አይወዱም። በር ከፍተው፣ በበሩ በሚገባው ብርሃን ይቀርጹ ነበር። አንዴ ደመና እስኪመጣላቸው ድረስ ተዋናይና ግመል አቁመው ሦስት ቀን ጠበቁ። ዳይሬክተሩ ይጮሃል፣ እሳቸው ሻይ ይጠጣሉ። ሰውንም መሃል አያቆሙም። ዳር ላይ፣ ትንሽ አድርገው፤ መሃሉ ባዶ። “ለምን?” አልኳቸው። “ማይ ፍሬንድ፣ የሰው ብቸኝነት የሚታየው ቦታው ሲሰፋ ነው” አሉኝ።

እዚህስ? ካዚኖዎቹ ያሉበት ስትሪፕ ጎዳና ላይ ያ ሁሉ አምፖል እየነደደ፣ እሳቸው ቤት አንድም አይበራም። ቀን ቀን በራቸው ወለል ብሎ ይከፈታል፣ ሲመሽ ይዘጋል። “ጋሼ፣ ሌባ ይገባል!” ስላቸው፣ “ብርሃን ይቅደመው” ይሉኛል።

የልጄን የሱልጣናን ኒካህ ታስታውሳላችሁ? ይቅረጹልኝ ብዬ የለመንኳቸው እኔው ነኝ። ቪዲዮውን ስከፍት ሙሽራዋ ዳር ላይ የጤፍ ፍሬ አክላለች። እሷ ከሄደች በኋላም ካሜራው አልጠፋም። ባዶ አዳራሽ፣ ጥግ ላይ አንድ ሰው ወንበር ያጣጥፋል። እኔ ነኝ። ሰላሀዲን፣ ያን ቀን ያልኩትን ሰምተሃል። ቀለዱብኝ አልኩ። ስምንት ወር አኮረፍኩ። ጎረቤቴን! ሽማግሌ!

ባለፈው ማክሰኞ ወደ ሥራ ስወጣ በራቸው ክፍት ነበር። ለብርሃን ነው ብዬ አለፍኩ። ሲመሽ ስመለስም ክፍት ነበር። ሲመሽ ደግሞ ምን ብርሃን አለ? ራሴን አልጠየቅኩም። ረቡዕም አለፍኩ። ትናንት ሰላሀዲን ገብቶ አገኛቸው። ወንበራቸው ላይ፣ ፊታቸው ወደ በሩ።

ከዚያ በኋላ ቪዲዮውን ደግሜ ከፈትኩት። ያን ወንበር የሚያጣጥፈውን ሰው አየሁት። ልጁን ለባል ድሮ፣ ባዶ ቤት የሚገባ አባት። እናንተ ሙሽራዋን ስትሸኙ፣ እሱን ያዩት ጋሽ ዩሱፍ ብቻ ናቸው። እኔ ግን እሳቸውን አላየኋቸውም። አላየኋቸውም፣ ወንድሞቼ።

ጋሽ ዩሱፍ፣ በእነዚህ ሰዎች ፊት አፉ ይበሉኝ፣ ይቅር ይበሉኝ። አላህ ቀብርዎን ያስፋልዎ፣ በብርሃን ይሙላልዎ።

ዛሬ ጠዋት በርዎ ክፍት ነበር። አሰላሙ አለይኩም ብዬ ገባሁ። የመለሰልኝ የለም።

ደህና ይሁኑ፣ ጎረቤቴ።