እየቆጠረች ያስለቀሰችን ሴት

እንዴት ዋልሽ፣ ያዳማ? ጉልበትሽ ተሻለሽ? አይ፣ አትነሺ፣ እጅሽ ጭቃ ነው፤ እኔ እዚችው በርጩማ ላይ እቀመጣለሁ። ይኸው፣ እንዳልኩሽ ጥሬ ማንጎውን በበርበሬና በሰናፍጭ ደፍኜ አምጥቼልሻለሁ፤ ሁለት ሳምንት ፀሐይ ላይ ከርሟል። ከትኩስ ሩዝ ጋር ብዪው። እኔ? እኔማ እሠራዋለሁ እንጂ አልቀምሰውም፤ ጉሮሮ ይከረክራል። የሃይደራባድ ሙቀት ዘንድሮ ምን ነካው እቴ? ከአውቶቡሱ ወርጄ እዚህ በር እስክደርስ ቀሚሴ ጀርባዬ ላይ ተለጠፈ። ውኃ ካለ ለብ ያለ ስጪኝ። በረዶ እንዳይነካው አደራ… መቼም የኔ ጉሮሮ የኔ ብቻ አይደለም።

እመቤትሽ ተኝተዋል እንዴ? አሃ… ጭቃው እስኪደርቅ ነው። አይናገሩ፣ እትዬ፣ አይናገሩ። ፊት ላይ ያለ ጭቃ ሳይደርቅ አፍ ከተከፈተ ይሰነጠቃል፤ ይህን እኔ ለእርስዎ አልነግርም። ጥጡም ዓይንዎ ላይ ይሁን። ነገ ትልቅ ቀን ነው፤ የቋንቋው በዓል ላይ፣ ያ ሁሉ ባለሥልጣን ባለበት፣ «የቴሉጉ ልጅ» ተብለው ሊሸለሙ ነው። ከቦምቤይ ለመጣ ሰው ቀላል ነገር ነው? እኔና ያዳማ ወሬያችንን እናወራለን፤ እርስዎ ማረፍ ብቻ ነው። ሰው ልከው ያስጠሩኝ ለምን እንደሆነ አላወቅሁም፤ ናፍቄዎት ይሆናል ብዬ መጣሁ።

ምን ልልሽ ነበር፣ ያዳማ… አዎ። ስለ አንዲት ሴት አጫውቼሽ አውቃለሁ? የፊልም ሴት ናት። አታውቂያትም። ስሟ ምን ያደርግልሻል፤ ስም እንደሆነ እኛ የፊልም ሠፈር ማን ይጠይቃል? የኔ ስም ቪሳላ መሆኑን ካንቺና ከጎረቤቶቼ በቀር የሚያውቅ አለ? እንዲሁ ጨዋ ሴት ናት፣ አንድ ቀን እንኳ ክፉ ቃል ከአፏ ወጥቶ አያውቅም። እውነቴን ነው የምልሽ… ሃያ ሁለት ዓመት ስትሠራ፣ ክፉም ደግም ወጥቶ አያውቅም።

በአሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነው የመጣችው። መልኳን ተዪው፤ ጎዳቫሪ ወንዝ ዳር የመጀመሪያ ፊልሟን ሲቀርጹ ዓሣ አጥማጆቹ መረባቸውን ረስተው ቆመው ይመለከቷት ነበር ይባላል። ታዲያ ቴሉጉ የሚባል ቋንቋ አንድ ቃል አታውቅም። ትዕይንቱ ደግሞ ለቅሶ ነው፤ አማቷ ሞታ፣ ሬሳዋ ላይ ወድቃ ሙሾ ልታወርድ ነው። ዳይሬክተሩ ምን ቢል ጥሩ ነው? «የኔ ልጅ፣ በገዛ ቋንቋሽ ዝም ብለሽ ከአንድ ጀምረሽ ቁጠሪ፤ አርባ ላይ ስትደርሺ አልቅሺ» አላት። ቆጠረች። ሥልሳ ሦስት ላይ ደረቷን መታች። ሰባ ላይ የሬሳውን እግር አቀፈች። ሬሳ ሆና የተኛችው አሮጊት ሳትቀር ዓይኗ እንባ አቀረረ አሉ። አይ ቁጥር… ሰው በቁጥር ያለቅሳል ብሎ ማን ይገምታል?

ሥራ ነው፣ እኔም አልፈረድኩባት። በኛ ሠፈር ከሌላ አገር የመጣች ሁሉ እንዲያ ነው የምትሠራው። ለፍቅር ሃያ ትበቃለች። ለሞት እስከ መቶ ነው። አንዴ የፍርድ ቤት ትዕይንት ሁለት መቶ ድረስ ሄዶባት፣ መቶ አርባ ላይ ተሳስታ እንደገና ተቀረጸ። ለሥራዋ ጥንቁቅ ናት፤ ቁጥር አትዘልም።

ከዚያ በኋላ ያለው፣ በቴሉጉ ድምፅ መሙላቱ፣ የኔ ነው። ጨለማ ክፍል፤ ድምፅ ያሰማል ተብሎ ማራገቢያ የማይበራበት። ጆሮዬ ላይ ማዳመጫ፣ ፊት ለፊቴ ሸራው ላይ የእሷ ከንፈር፤ ቤት ያህላል። ሲከፈት የሚከፈት ቃል ፈልጌ፣ ሲገጥም የሚገጥም ቃል ፈልጌ፣ ሃምሳ ሰባት ስትል «ምነው እናቴ፣ ለማን ትተሽኝ» አልኩ። የዚያን ጊዜ የኔ እናት ከሞተች ወር አልሞላትም። እናቱ የሞተችበትና እናቱ ገበያ የሄደችበት እኩል ያለቅሳሉ ይሉ የለ? እኩል መሆኑን እንጃ… አንዷ ቆጠረች፣ አንዷ አለቀሰች። ያንን ለቅሶ የሰጠኋት ከእናቴ ድርሻ ቀንሼ ነው፤ ይህን ለማንም ተናግሬ አላውቅም።

እንዲህ እንዲህ እያልን ሥልሳ አንድ ፊልም። ታዲያ የሚገርምሽ፣ ሃያ ሁለት ዓመት አንድ አገር ኖራ፣ ሩዙን በልታ፣ ቤት ሠርታ፣ ቋንቋውን እንዳገኘችው አስቀምጣዋለች። አልነካካችውም። የሰው ነገር አትነካም ስልሽ። ሌላው ሰው ቢሆን ይኮላተፍበት፣ ይሰባብረው ነበር። የማያውቁት አገር አይናፍቅም እንደሚሉት፣ የማያውቁት ቋንቋም አያሳስትም።

በየበዓሉ ሲጠሯት ደግሞ መድረክ ላይ ወጥታ እጅ ትነሳለች፣ ትስቃለች፣ ከዚያ ጣቷን ወደ ጉሮሮዋ… ታማለች ማለት ነው። ገበሬ ሳይቀር ማር በማሰሮ ይዞላት ይመጣል። ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ ጉሮሮዋን ያማት ሴት ሆና፣ በየፊልሙ ግን ድምፅዋ እንደ ጠዋት ደወል ጥርት ያለ። ሐኪም ሰምቶ አለመመራመሩ ነው የሚገርመኝ።

እሷ አይስክሬም ትወዳለች፤ ምን ኃጢአት አለው? ቤቷ በሄድኩ ቁጥር ጎድጓዳ ሳህን ታቅፋ ነው የማገኛት። እኔ ነኝ እንጂ ሃያ ሁለት ዓመት በረዶ ከንፈሬን ሳይነካው፣ እርጎ ሳልቀምስ፣ በገዛ እጄ የደፈንኩትን ማንጎ ለጎረቤት ሳድል የኖርኩት። የሷን ጉሮሮ የማስታምመው እኔ ነኝ። አንዳንድ ሰው የሰው ልጅ በአደራ ያሳድጋል አይደል? እንደዚያ ያዥው።

ነገርን ነገር ያነሳዋል፣ ልጅ ስል ትዝ አለኝ። ሲሪሻ ልጄ ያኔ የስምንት ዓመት ልጅ ነበረች። ት/ቤት ውስጥ ልጆቹ የዚያችን ሴት ፊልም ሲያወሩ «ድምፁ እኮ የእናቴ ነው» አለቻቸው። አስተማሪዋ ሰማች። ውሸታም ብላ ሙሉ ቀን በፀሐይ አቆመቻት። ሄጄ ነገርኳት፣ አስተማሪዋ ግን መጽሔት አውጥታ አሳየችኝ። ያቺ ሴት ቃለ መጠይቅ ሰጥታለች፤ የድምፅዎ ምሥጢር ምንድን ነው ሲሏት፣ «ጠዋት ጠዋት ለብ ያለ ውኃ በማርና በዝንጅብል» ብላለች። እኔ ዝንጅብል ሆንኩ ማለት ነው። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይላሉ፤ ከማን አፍ እንደሆነ ግን ተረቱ አይናገርም።

ያን ዕለት ማታውን ሄድኩባት። አልተጣላሁም፣ እኔ መጣላት የት አውቄ። አንዲት መስመር ወረቀት ላይ ጻፊልኝ፣ ለአስተማሪዋ ብቻ አሳያታለሁ አልኳት። በአስተርጓሚዋ በኩል በጣም አዘነች። ፊልሙ ገና ስላልተጠገበ ለገበያው ጥሩ አይደለም፣ መቶኛው ቀን ይድረስ፣ ያኔ በሕዝብ ፊት እናገራለሁ አለች። ልጄም ጠበቀች። ቀን እየቆጠረች ግድግዳ ላይ በከሰል ትጭር ነበር። መቁጠር ሁሉ ሰው ይችላል ለካ።

መቶኛው ቀን ደረሰ። ወጉን ታውቂዋለሽ፤ ፊልም መቶ ቀን ሲሞላው ለሠራበት ሁሉ የብር ጋሻ ይሰጣል። ሹፌሩ ተሰጠው። ምግብ አብሳዩ ተሰጠው። ለፊልሙ ጎሽ ያመጣው ሰውዬ ተሰጠው፤ የጎሹም ስም ተጠርቶ ተጨበጨበለት። እኔና ሲሪሻ ጥግ ይዘን፣ ልጅቷ የበዓል ልብሷን ለብሳ፣ ፀጉሯ ላይ የጃስሚን አበባ ሰክታ። ያቺ ሴት መድረክ ላይ ወጣች… እጅ ነሳች… ሳቀች… ጣቷን ወደ ጉሮሮዋ። አለቀ። ሲሪሻ ቤት ስንደርስ የከሰሉን ጭረት በጨርቅ አበሰችው። ከዚያ ወዲህ የዚያችን ሴት ፊልም አይታ አታውቅም። የኔን ድምፅም ቢሆን ከቤት ውጭ አልሰማውም ብላ ቀረች። እኔ ተቃጥያለሁ፣ ያዳማ። ግን ሲቃጠሉም ድምፅ አይበላሽም፤ በማግሥቱ ጨለማ ክፍሉ ገብቼ የፍቅር ትዕይንት ሠራሁ። ሃያ ድረስ ነበር።

ይኸውልሽ፣ ያቺ ሴት ሰሞኑን አራት ገጽ ወረቀት ላከችልኝ። የአጋጣሚ ነገር፣ እሷም ነገ የሆነ ቦታ ንግግር አላት አሉ። እኔ አንብቤ ልቀዳላት፣ እሷ ማይክራፎን ይዛ ከንፈሯን ልታንቀሳቅስ። በአደባባይ፣ በቀጥታ ሥርጭት። ድፍረት እንዲህ ነው እንጂ። ንግግሩ ደግሞ ግሩም ነው፣ ማን እንደጻፈላት አላውቅም። ስለ ቋንቋችን ጣዕም፣ ስለ እናት ምላስ ምን ያላለበት አለ። የመጨረሻዋ መስመር ብቻ ናት የያዘችኝ። «ይህን ድምፅ ለሰጠኝ አምላክ ምስጋና ይግባው» ትላለች። አስቢው፣ እኔው ነኝ ይህን በገዛ ድምፄ የምለው። ሲሪሻ ጠረጴዛው ላይ አግኝታ አነበበችው። አሁን ትልቅ ሴት ናት፤ አልጮኸችም። አጠፈችና ቦታው መለሰችው፤ ቀጥላም «እማ፣ ዛሬስ ማን በፀሐይ ሊቆም ነው?» አለችኝ።

ውኃውን ብትደግሚልኝ ይከብድሻል? በረዶ አለ? እሱን ጨምሪበት። አዎ፣ በረዶ አልኩሽ። ምን ታፈጥጪያለሽ፣ ሙዪበት፤ አትቁጠሪው። አይ… እንዴት ይጥማል። ጥርስ ሲያም እንኳ ይጥማል። ማንጎዋንም እስኪ አንድ ጊዜ በጣትሽ አቅምሽኝ። ጨው አሳንሻለሁ እንዴ? ሃያ ሁለት ዓመት ሳልቀምስ እየሠራሁ ማን ይነግረኛል፤ ሁሉም ጥሩ ነው ነው የሚለው።

በይ ልነሳ። ወረቀቱን እዚህ ጠረጴዛ ላይ፣ ከጥጡ ጥቅል ሥር አስቀምጬልሻለሁ፤ ያቺን ሴት ካገኘሻት አድርሺልኝ። እንደመጣ ነው፣ አንድም ቃል አልተቀዳም። ሙያ በልብ ነው በያት፤ በልብ የያዙትን ደግሞ አንድ ቀን አውጥቶ ማሳየት ነው። ከፈራች አትጨነቅ፤ ከአንድ ትጀምር። ሕዝቡ ለምዷል፣ አርባ ላይ ማልቀስ ይጀምራል። ብቻ ነገ የቋንቋው ቀን ስለሆነ በቴሉጉ ብትቆጥር ደስ ይላል… እስከ አሥርም ቢሆን።

እኔና ሲሪሻ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ነን። ልጄ ራሷ ናት ቦታ የያዘችው፤ ይህን አንድ ትርዒት አላሳልፍም አለች።

ውይ፣ ያዳማ… ጭቃው ምን ሆነ? ከአፋቸው ጥግ እስከ ጆሮአቸው ተሰንጥቋል እኮ። ጥጡም ረጥቧል። እትዬ፣ ምነው፣ ወሬያችን ረበሸዎት? ዝም ይበሉ፣ ዝም ይበሉ፤ አሁን ሲናገሩ ፊትዎ ይበላሻል። ይህን ያህል ዓመት የጠበቁትን ዝምታ ለአንድ ቀን ብለው አይጡት። አንቺ ደግሞ ምን ቆመሽ ታይኛለሽ፣ እርጥብ ጨርቅ አምጪላቸው እንጂ።

እንግዲህ ያቺን ሴት ከልቤ ነው የምመርቃት፤ ክፉ አልመኝላትም፣ ስንት ዓመት አብረን አንድ አፍ ሆነን የኖርን ሰዎች ነን። የሰባቱ ኮረብታ ጌታ፣ አምላካችን፣ ነገ አዳራሹን ጢም አድርጎ ይሙላላት። ማራገቢያውን ያስቁምላት፣ ጭብጨባውን ያብርድላት፣ ሕፃን እንኳ እንዳያስል አድርጎ ሕዝቡን ሁሉ ጸጥ ያሰኝላት። ማይክራፎኑን ጥሩ ያድርግላት። ጉሮሮዋን ከዛሬ ጀምሮ ፈጽሞ ይማርላት። ከዚያ አፏን ስትከፍት፣ ከራሷ የሚወጣውን፣ የኋላው ረድፍ ድረስ አንዳች ሳይቀር ያሰማላት። አሜን በይ እንጂ፣ ያዳማ።