ከአተካናው ማግስት

ትንሽ ጊዜ ብትሰጡኝ የማትቆጩበት ወሬ አለኝ፤ በዚያውም የተዘጋ ክስ እንዴት እንደሚከፈት ታውቃላችሁ።

ነገሩ በደርግ ጊዜ ነው፤ ሆሳዕና፣ መናኸሪያው ጥግ ባለች ሻይ ቤት። ገነቴ የምትባል ባሏ የሞተባት ሴት፣ የዶዮገና አውቶቡስ ከሚጠብቁት ሽማግሌ ከጋሼ ተረፈ አጠገብ ተቀመጠች። ከኋላቸው አንድ ሰው ጀርባውን ሰጥቶ ሻይ ይጠጣል። ገነቴ አይታዋለች፤ ድምጿንም ከፍ ያደረገችው ለዚያ ነው።

ስለ ዝናቡ ጠየቀች፣ ስለ እንሰቱ፣ ስለ ሽማግሌው ጉልበት። ከዚያ ቀስ ብላ ገባችበት።

“መቼም ጋሼ፣ እኔ በጎረቤት ታድያለሁ። ከሩቅ ዘመድ የቅርብ ጎረቤት ይባል የለ? እውነት ነው… ላም ለመንዳት እንኳ መንገዱ አያደክምም። ባሌ ሲሞት ላሜን ‘ላርባልሽ’ ብሎ የወሰደልኝ ሰው አለ። ስሙን ተዉት፣ ደግ ሰው ስሙ ሲነሳ ያፍራል። ከመውደዱ ብዛት የኔ መሆኗን ረሳው። ይሄ ጥፋት ነው እንዴ? ፍቅር ነው እንጂ…”

ገነቴ ሰውየውን፣ ያንኑ ከኋላቸው ሻይ የሚጠጣውን ጎረቤቷን፣ አውራጃ ፍርድ ቤት ከስሳው ነበር። ቀጠሮው ሰኞ ሆኖ ሳለ፣ እሁድ ከጸሎት በኋላ እነ ጋሼ ተረፈ ቤቷ መጥተው አስታረቋቸው። ላሚቱ ክረምቱ ሲወጣ ትመለስ አሉ፤ ሁለቱም ከአንድ ገበታ አተካና በሉ። አተካና፣ ለማታውቁት፣ ቡላ በቅቤ ነው፤ በነሱ ሰፈር የእርቅ አተካና አብሮ የበላ ሰው ተመልሶ አይካሰስም። እሷም አለቀ ብላ ሰኞ ቀረች። የፍርድ ቤት መዝገብ ግን አተካና አይበላም፤ “ታርቀናል” ብሎ የሚነግረው ሰው ይፈልጋል።

“ሰኞ ማን ሄደ ይበሉኝ? ቅቤው ከከንፈሩ ሳይደርቅ፣ ገና በጠዋቱ… እንዲህ ቀጠሮ የሚያከብር ሰው አይተው ያውቃሉ? እርቁን ለዳኛው መንገር ረሳ እንጂ ሊደብቅ አስቦ ነው? ‘ላሚቱ የኔ ናት፤ ከሳሿስ የታለች?’ አለ አሉ፣ በትሕትና። እኔ ያን ጊዜ እርቅ የተበላበትን ገበታ እያጠብኩ…”

ላስረዳችሁ። ተከሳሽ ቀርቦ ክሱን ክዶ ከሳሽ ከቀረ፣ ክሱ ይሰረዛል፤ ከሳሽም በዚያው ነገር አዲስ ክስ አይመሠርትም። ግን በአንድ ወር ውስጥ አመልክቶ፣ የቀረሁት በበቂ ምክንያት ነው ብሎ ካስረዳ መዝገቡ ይከፈትለታል። የገነቴ ማመልከቻ የሚሰማው ሻይ ቤቱ በተቀመጡበት በዚያው ዕለት ጠዋት ነበር። ካላስረዳች ላሟ ቀረች። ጋሼ ተረፈ ደግሞ ለሰውየው የጋብቻ ዘመድ ናቸው፤ ሌሎቹ ሽማግሌዎችም እሳቸው ካልመሰከሩ አንመሰክርም ብለዋታል።

“እርስዎን እንኳ ለምስክርነት አላስቸግርም ጋሼ። ሽማግሌ ስንት ሥራ አለበት… ያስታርቃል፣ ይበላል፣ ይመርቃል፣ አውቶቡስ ይሳፈራል። የተናገረውን የት ያድርሰው? ብቻ ከእንግዲህ ሲያስታርቁ ‘እርቁን ብሉ፣ ቀጠሮውንም አትቅሩ’ ብለው ይጨምሩበት። እንደኔ ያለ ሞኝ ሽማግሌ ያምናል…”

የአውቶቡሱ ረዳት “ዶዮገና፣ ዶዮገና” እያለ መጣራት ጀመረ። ጋሼ ተረፈ ከዘራቸውን አንስተው ወጡ፣ አውቶቡሱን አልፈው ወደ ፍርድ ቤቱ በሚወስደው መንገድ ላይ ቆመው ጠበቋት። እናንተም እንዲህ ያለ ነገር ከገጠማችሁ፣ ወሩ ሳያልፍ ምስክራችሁን ይዛችሁ ሂዱ፤ ሞክሩት።

ገነቴ ግን ወዲያው አልተከተለቻቸውም። በሩ ላይ ቆማ፣ ዞሮ ያላያትን ጀርባ እያየች፣ ለስለስ ባለ ድምፅ እንዲህ አለች።

“ሳይመርቁ መሄድ ነውር ነው። ዕድሜ ይስጠው። ለእርጅና ያብቃው። ልጆቹ ሁሉ እሱኑ ይውጡ… እሱ እኔን በያዘበት እጅ ይጡሩት።”