በወርቃማ ክር የጠለፍኩት ስም

ግቢ እህትዓለም፣ ግቢ። ደጃፉ ላይ ያለችውን ደረጃ ተጠንቀቂያት፤ እኔ ራሴ በየጠዋቱ እየተደናቀፍኩባት «ዛሬ አስጠግናታለሁ» እላለሁ፣ ይኸው አሥራ አንድ ዓመቷ። ቦርሳሽን እዚያ ወንበር ላይ ጣል አድርጊው። አይ፣ እሱ ላይ አይደለም፣ እሱ የጠበቃው ሱሪ ነው። ጠበቃው ወገቡ በየወሩ ይሰፋል፣ እኔም በየወሩ ሱሪውን እተረትርለታለሁ። እሱ ባይበላ እኔ ምን እበላ ነበር?

ቀሚሱን ለበስሽው? በርጩማው ላይ ውጪልኝ እስቲ። ጎበዝ። እንግዲህ ከአንገትሽ እስከ ባትሽ ስፒል ልሰካብሽ ነውና አትነቃነቂ፣ አትናገሪ። ደንበኛ ሲናገር ደረቱ ይነሳል፣ ልኩ ይበላሻል። ይህን ሥራ የወደድኩት ለዚህ ሳይሆን አይቀርም፤ በዓለም ላይ እኔ ሳወራ ሰው ሳያቋርጠኝ የሚሰማኝ እዚህ በርጩማ ላይ ብቻ ነው። ባሌም ሊሰማኝ ጀምሮ ነበር… ከሞተ በኋላ።

ሰማዩ ከበድ አለ አይደል? ዝናብ ይመጣ ይሆን? ጉልበቴ ይመጣል ይላል፤ ሬዲዮው ደግሞ አይመጣም አለ። ከሬዲዮው ጉልበቴን አምናለሁ፤ እሱ ቢያንስ ዋሽቶኝ አያውቅም።

እና… ጌታው እንዴት ነው? በደንብ ይጠባል? እኔ «ጌታው» ነው የምለው። ዋናውን ስሙን ምላሴ ተጠማዝዞ ሊገባበት አልቻለም። መሀሉ ላይ አንድ ድምፅ አለች፤ እሷ ጋ ስደርስ ሰው ሠራሹ ጥርሴ ከመቀመጫው ብድግ ይላል። አንድ ቀን በስልክ ልጠራው ስታገል ልጄ «እማዬ! ምን አነቀሽ?» ብሎ ጮኸ። ምን ያንቀኛል፤ የልጅህ ስም ነው።

ድሮ ስምን መልአክ ያወጣዋል ይሉ ነበር። ዘንድሮ መልአኩ ሥራ በዝቶበት ነው መሰለኝ ለአንዳንድ ሰው ውክልና ሰጥቷል። ማን እንደሆነ እኔም አልጠራ፣ አንቺም አትጠይቂኝ። ዘጠኝ ወር ተሸክመሽ አምጠሽ የወለድሽውን ሰው መቼም እኔ አላስተዋውቅሽም። ልጄን እንደሆነ ተይው፤ እሱ በዚያ ቤት የሚወሰነውን የሚሰማው ከጎረቤት እኩል ነው። ብቻ የተማረ ሰው ነው ስም ያወጣው። ትራስ የሚያህል መጽሐፍ ታቅፎ የሚተኛ ሰው። እኔማ ሁለተኛ ክፍልን ያየሁት በመስኮት ነው፤ ምን አውቄ እናገራለሁ?

ታስታውሻለሽ፣ የዚያ ስም አውጪ ሰው ሆዱ ሲከብድ ላግዝ ብዬ ቤታቸው ገባሁ። ሳይጠሩት አቤት፣ ሳይልኩት ወዴት… ተረቱን የተረተው ሰው እኔን አይቶ መሆን አለበት። ሁለት ወር ተቀመጥኩ። አያያዜን ብነግርሽ! አንድ ቀን፣ አንድ ቀን እንኳ ክፉ ቃል ሰምቼ አላውቅም። እኔ ከንጋት ጀምሬ መጋረጃው ለምን ወለሉን ይጠርጋል፣ የድስቱ ክዳን ለምን ከድስቱ ተለይቶ ያድራል፣ አልጋው ለምን ራስጌው ወደ በሩ ሆነ እያልኩ ስዞር፣ አንዳንድ ሰው ፈገግ ብሎ «ልክ ነሽ እማማ» ይልና ያችን የሙዚቃ ማዳመጫ ሁለቱ ጆሮዎቹ ውስጥ ይወትፋታል። እንዴት ያለ ጨዋነት ነው! የኛ ዘመን ሰው ቢሆን «አፍሽን ዝጊ» ነበር የሚለው። የዛሬ ሰው ያንቺን አፍ አይዘጋም፤ የራሱን ጆሮ ይዘጋል። ሥልጣኔ ማለት ይኸው አይደለም እንዴ?

ከዚያ አንድ ሐሙስ «እማማ፣ ሱቅሽ አልናፈቀሽም?» ተባልኩ። አየሽልኝ ማሰቡን? ሻንጣዬ ልብሱ ታጥፎ፣ ዚፑ ተዘግቶ፣ በሩ አጠገብ ቆሞ ይጠብቀኛል። እኔ እንኳ እንዲህ አሳምሬ አላጥፍም። ሐሙስ ወጣሁ፣ ቅዳሜ ጌታው ተወለደ።

ግራ ክንድሽን ትንሽ ዝቅ… እንዲያ።

ልጄ ደውሎ ስሙን ነገረኝ። «ሰማሽ እማዬ?» አለኝ። ሰማሁ አልኩት። «ወደድሽው?» ታዲያስ! ይህን የመሰለ ስም! ትርጉሙ ምንድን ነው ብዬ አልጠይቅ ነገር፣ አለማወቄ ሊታወቅ ነው። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይላሉ፤ እኔ ደግሞ ሞኝም ነኝ፣ ወረቀትም አላነብም። ስልኩን ዘግቼ መንገድ ወጣሁ። ለዳቦ ጋጋሪው «የንጉሥ ስም ነው» አልኩት። ለመድኃኒት ቤቷ ልጅ «የጀግና ነው፣ ብቻውን መቶ ሰው የመለሰ» አልኳት። ለጠበቃው ጠንከር ያለ ነገር ያስፈልጋል ብዬ «ጥንታዊ መጽሐፍ ላይ ሦስት ጊዜ ተጽፏል» አልኩት። «የትኛው መጽሐፍ?» አለኝ፣ የጠበቃ ነገር። «ወፍራሙ» አልኩት።

አፍ ሲከፈት ጭንቅላት ይታያል አይደል የሚሉት? የኔ አፍ ሲከፈት እስከ ጨጓራዬ ይታያል።

ይህ አልበቃኝም። የመድኃኒት ቤቷን ልጅ ስሙን በወረቀት አስጻፍኳትና ፊደሎቹን እንደ አበባ ንድፍ እያየሁ ነጭ ብርድ ልብስ ላይ ጠለፍኳቸው። በወርቃማ ክር፣ ዙሪያውን ሐረግ። ዓይኔ እንባ እያዘነበ አሥራ ሁለት ቀን። እንዳለቀ ወዲያው ልልከው ሲገባኝ፣ መንገደኛ ይየው ብዬ መስኮቱ ላይ ሰቀልኩት። ሦስት ሳምንት ሙሉ ተሰቅሎ ከረመ። ሰው ቆሞ ባየው ቁጥር አንገቴ አንድ ጣት ይረዝም ነበር፤ ያን ሰሞን አንገትጌዬ ሁሉ አጥሮኝ ነበር ብልሽ እመኚኝ።

ባለፈው ማክሰኞ መርከበኛው መጣ፤ ያ መርከብ ላይ ምግብ አብሳይ የነበረው ሽማግሌ። ሱሪ ሊያሳጥር ነው፤ እሱ ራሱ እያጠረ ነው መሰለኝ። ብርድ ልብሱን አየና ቀጥ ብሎ ቆመ። «ይህን ቃል ከየት አመጣሽው?» አለኝ። የልጅ ልጄ ስም ነው፣ የንጉሥ ነው አልኩት። ሳቀ። እህትዓለም፣ ያ ሰውዬ በሳቀ ጊዜ ጥርሱን ቆጠርኩለት፣ አራት ነው።

«ምን ንጉሥ አመጣብሽ!» አለኝ። «ስምንት ዓመት አንድ ሩቅ ደሴት ወደብ ላይ ሠርቻለሁ፣ የዚያ ሰዎች ቃል ነው። ዓሣ አጥማጆች ናቸው። ነፋሱ ቀን ከሌት ሲያፏጭ ይሰነብታል፤ ጀልባ አይወጣ፣ ሰው አይነጋገር፣ ሁሉም ጆሮውን ይዞ ይከርማል። አንድ ቀን ድንገት ጸጥ ሲል ሴቶቹ ደጅ ይወጡና እፎይ ብለው ይህችን ቃል ይሏታል። ነፋሱ ቆመ ማለት ነው። ያኔ ለሚወለድ ወንድ ልጅ የሚያወጡት ስም ነው።»

ነፋሱ ቆመ።

ሐሙስ ወጣሁ… ቅዳሜ ተወለደ። በዚያ ሳምንት ደግሞ ቅጠል የሚያነቃንቅ ነፋስ አልነበረም፤ ያጠብኩት አንሶላ ሁለት ቀን ሙሉ ገመድ ላይ እንደረጠበ ውሏል። ታዲያ የቆመው ነፋስ የቱ ይሆን? እኔ ምኑን አውቄ… አልተማርኩ። ልጄ የዋህ ነው፤ ያን ሐሙስ ደውሎ «እማዬ፣ ቤቱ እንዴት ጸጥ እንዳለ ብታዪ!» ብሎኝ ነበር። እኔም ናፍቆት መስሎኝ አለቀስኩለት።

አላዋቂ ሳሚ ንፍጥ ይለቀልቃል። አላዋቂ ጠላፊ ደግሞ የገዛ ስድቡን በወርቃማ ክር ጠልፎ መስኮት ላይ ይሰቅላል። መንገደኛው ሁሉ «እጅሽ ይባረክ» ሲለኝ «አሜን» ስል የከረምኩት እኮ ለዚያ ነው!

ብቻ መመስገን ያለበት ይመስገን። ሥራ የሚያውቅ ሰው ሥራ ያደንቃል። እኔም በዘመኔ ቀላል አልነበርኩም። የልጄን ስም ትርጉም ታውቂው የለ? ሰው ሁሉ የምስጋና ስም ይመስለዋል። ለአማቴ የተላከ መልእክት ነበር። «ይህች አትወልድም» ብላ ስታስወራብኝ ከርማ ነበርና፣ ልጁን በጠራች ቁጥር የገዛ ሐሜቷን መልስ በገዛ አፏ እንድትለው ብዬ ነው ያወጣሁት። ምን አደረገች መሰለሽ? «ዓይኔ» አለችው። ዓይኔ ና፣ ዓይኔ ብላ፣ ዓይኔ ተኛ… እስክትሞት አንድ ቀን ስሙን አልጠራችም። ያኔ ገብቷት ነው፣ አሸነፍኳት አልኩ። አሁን እኔ «ጌታው» ስል ድምፄ የሷን እየመሰለኝ ያስደነግጠኛል። ልጄ ደግሞ ይኸው አርባ ሦስት ዓመት የሁለት ሴቶች ጠብ ተሸክሞ ይዞራል፣ በመታወቂያው ላይ ሳይቀር።

ደግሞስ ማን ያውቃል፣ በቅን ልብ የወጣ ስም ሊሆን ይችላል። ዕድሜዋን ሙሉ በአሽሙር የኖረች ሴት «እንደምን አደርሽ» ሲሏትም ገበሩን ገልብጣ ታያለች።

ዙሪ እስቲ። ቀስ ብለሽ።

ሰኞ አንዳንድ ሰው ወደ ሥራው ይመለሳል አሉ። ጌታውን ማን እንደሚይዘው አልሰማሁም። አልጠየቅሁምም፣ ምን አገባኝ? ብቻ ከሰኞ ወዲያ አዲስ ሥራ አልተቀበልኩም… ዓይኔን ላሳርፍ ብዬ ነው። የጠበቃውንም ሱሪ ዛሬውኑ ለመጨረስ የተጣደፍኩት ለዚያ ነው። ጥግ ላይ ያለውን ሣጥን አየሽው? የቁርጥራጭ ጨርቅ ማጠራቀሚያዬ ነበር። ባዶ አድርጌ አጠብኩት፣ ጠርዙን በብርጭቆ ወረቀት አለሰለስኩት፣ ትንሽ ፍራሽ ሰፍቼ አነጠፍኩበት። ለድመት ነው። ድመት እንኳ የለኝም… ልትመጣ ትችላለች። ቤት ውስጥ ከስፌት መኪናው ሌላ የሚንቀሳቀስ ነገር ቢኖር ምን ይለኛል?

አሁን ክንድሽን እጠፊልኝ፣ እጅጌው ይይዝሽ እንደሆነ ልየው።

…እንደሱ ነው እንዴ የሚታጠፈው? ሰው ሁሉ ክንድህን እጠፍ ሲሉት ወደ ወገቡ ነው የሚወስደው። አንቺ አንዱን ከሥር፣ አንዱን ከላይ አደረግሽ…

ቆይ፣ ቆይ። ይህን ቀሚስ ለምን ነበር ያልሽኝ? «ለዘወትር» ነው ያልሽው። ብብቱ ላላ ይበል። ጨርቁ ቢቀቀል የማይለቅ ጥጥ ይሁን። ኪሱ ሁለት፣ ሰፋ ያለ። ደረቱ ላይ ቁልፍ እንዳይኖር፣ ከኋላ ይቆለፍ። ስቆርጠው እንዴት አልታየኝም? ጨርቅ ጠረጴዛ ላይ ሲሆን ምሥጢረኛ ነው፣ ሰው ላይ ሲወጣ ነው የሚለፈልፈው። አርባ ዓመት ስሰፋ ደረቱ ላይ ቁልፍ የሌለው የዘወትር ቀሚስ የሚያዙኝ ሁለት ዓይነት ሴቶች ናቸው። አንዷ፣ ቁልፉ የሕፃን ጉንጭ እንዳይቧጥጥ የምትፈልግ ሴት ናት። ሁለተኛዋም… እሷው ናት።

ምነው ዓይንሽን ወለሉ ላይ ተከልሽ? አንገትሽን አታቀርቅሪ፣ ልኩ ይበላሻል። አትመልሺልኝ። ሰኞ ነው። ገባኝ እኮ።

አዬ እኔ! አንዱን ስድብ በወርቃማ ክር ጠለፍኩት፣ ሌላውን ደግሞ በልክ እየሰፋሁት ነው!

አላዘንኩም፣ ለምን አዝናለሁ? አንቺ የተረጋጋሽ ሴት ነሽ። ሕፃን ጸጥታ ይወዳል። ከኔ ጋር ቢውል ኖሮ ጥርስ ሳያበቅል ጎረቤት ማማት ይጀምር ነበር። ዝምታ ወርቅ ነው ይላሉ፤ እኔ ድሃ ሆኜ የቀረሁት በከንቱ መሰለሽ? ኪሱን በሁለት ጣት ጠለቅ አደርግልሻለሁ፣ ስትጎነበሺ ጡጦው ሾልኮ እንዳይወድቅብሽ። ትከሻሽ ላይ ደግሞ ጨርቁን ድርብ አደርገዋለሁ። ሁለት ቀን ነው የታቀፍኩት፤ ሁለቱንም ቀን ወተቱን ያወጣው በግራ ትከሻዬ ላይ ነው። ስለዚህ የግራሽን ሦስት ድርብ አደርገዋለሁ። የዚህን ዋጋ አልጠይቅሽም፣ ከሥራው ጋር ነው።

ብርድ ልብሱንም ይዘሽለት ሂጂ። ማክሰኞ፣ መርከበኛው እንደወጣ መቀሱን አንስቼ ነበር። የመጀመሪያዋን ፊደል ጫፏን ፈታሁ… መልሼ ሰፋኋት። ስድብም ቢሆን ስሙ ነው። ልጁ ምን አጠፋ? ደግሞም እውነቱን ስነግርሽ፣ እጄ እንደዚያ አምሮለት አያውቅም።

በይ ውረጂ፣ ስፒሉ እንዳይወጋሽ ቀስ ብለሽ። እሑድ ያልቃል። ለዚያ ስም አውጪ ሰው ደግሞ ምርቃቴን ቃል በቃል አድርሺልኝ። ልጁን አንድዬ ያሳድግለት። ለቁም ነገር ያብቃለት፣ ትዳር ያሳየው። ለራሱ ደግሞ ዕድሜ ይስጠው፣ የኔን ዕድሜ፣ ከዚያም በላይ። ጤናውን አያጉድልበት። ጆሮውን በተለይ እስከ መጨረሻው ደህና ያድርግለት። ያን የተመኘውንም ጸጥታ አይንሳው፤ ቤቱን ልክ እንደኔ ቤት፣ ከጠዋት እስከ ማታ፣ በር የሚያንኳኳ ሳይመጣ፣ ጸጥ ያድርግለት።

አሜን በይ እንጂ እህቴ። እናት አይደለሽ?