ድሉን የረሳው ስለት

ከፍኖተ ሰላም ወደ ቡሬ በሚሄደው ሚኒባስ፣ ባለ ዘርፍ የቤተ ክርስቲያን ጃንጥላ ያቀፉ እናት አጠገቤ ተቀመጡ። ከኋላችን ያለው ጎልማሳ ጠየቃቸው።

«ስለት ነው፣ እማማ?»

«ለጊዮርጊስ የተሳልሁት ነው። ልጄ ለኢትዮጵያ ቴኒስ ሊጫወት ባሕር ማዶ ሄዶ ነበር።»

«እዚያስ እየጮኸ የሚያበረታታው ሰው አገኘ?»

«ኧረ ኳሷ ስትሄድ ያ ሁሉ ሰው ጸጥ ይላል ብሎኛል። ወንጌል ሲነበብ እንደምንቆመው።»

«እነ ልጅዎ አሸነፉ?»

«የለም፣ ተሸነፉ።»

«ታዲያ ጃንጥላው?»

«ስሳል ድሉን መለመኑን ረሳሁት። በሰላም መልስልኝ ብቻ ነው ያልሁ።»

«አሁን የት ነው?»

«ቤት ተኝቷል። ትንፋሹን ስሰማ ቆይቼ ነው የወጣሁ።»

ቡሬ እስክንደርስ የጃንጥላው ዘርፍ ጉልበቴን ሲነካካኝ እግሬን አላሸሸሁም።