ስድስተኛው ዲስክ

አዳማ፣ ከሰዓት በኋላ፤ የድሮ የቴሌቪዥን ቀልድ ድራማ ዲስኮች በሚሰበስበው በሚልኪያስ ፎቶ ኮፒ ቤት ውስጥ፣ «አንድ በር» የተባለው ድራማ ዋና ተዋናይ የነበሩት ጋሽ ምትኩ ባርኔጣቸውን በእጃቸው ይዘው ባንኮኒው ፊት ቆመዋል።

ጋሽ ምትኩ፦ ስድስተኛውን ብቻ ነው ያልኩህ። የቀሩት አሥሩ ይባረኩልህ።

ሚልኪያስ፦ ስድስተኛውን ከሰጠሁዎት አሥሩ ምን ይሠሩልኛል? የፊት ጥርሱ የወለቀ ሰው መሆኔ ነው።

ጋሽ ምትኩ፦ ጥርሱ የወለቀም ይበላል።

ሚልኪያስ፦ ይበላል፤ ሲስቅ ግን አፉን ይሸፍናል። አራት ዓመት ነው የፈለግኩት ጋሽ ምትኩ! የት እንዳገኘሁት ቢያዩ… መቂ፣ ቲማቲም ማሳ ውስጥ። ወፍ ያባርርልናል ብለው በሲባጎ አንጠልጥለውት።

ጋሽ ምትኩ፦ ምናለ እዚያው በተውከው።

ሚልኪያስ፦ እርስዎ የተወኑበትን? ልጅ ሆነን «አንድ በር» ሲጀምር ሰፈራችን ጭር ይል ነበር እኮ። አባቴ ማታ ሲገባ በሩን የሚያንኳኳው እንደ እርስዎ ነበር።

ጋሽ ምትኩ፦ ሙገሳውን ተወውና ስማኝ። ድራማው በየሱቁ ሞልቶ አልነበር? ከዚያ ግዛ።

ሚልኪያስ፦ በየሱቁ የነበረው ሁለተኛው እትም ነው። እሱ ቦነስ የሚሉት ጭማሪ ቪዲዮ የለውም። «ከካሜራ ጀርባ» የሚለው አሥራ ሁለት ደቂቃ ያለው የመጀመሪያው እትም ላይ ብቻ ነው። በኋላ ማን እንዳስቆረጠው እስከ ዛሬ አልገባኝም።

ጋሽ ምትኩ፦ እኔ ነኝ ያስቆረጥኩት።

ሚልኪያስ፦ እርስዎ?

ጋሽ ምትኩ፦ ፕሮዲዩሰሩን ደጅ ጠንቼ። አይተኸዋል አይደል?

ሚልኪያስ፦ ስንቴ! በቃሌ ነው የማውቀው።

ጋሽ ምትኩ፦ እንግዲያው ሽብሩን አይተኸዋል።

ሚልኪያስ፦ ዘበኛውን? ፊሽካ ብቻ የሚነፋውን?

ጋሽ ምትኩ፦ ዘበኛ ሆኖ አልተቀጠረም። ፖስተኛው እሱ ነበር፤ ሁለት ገጽ ሙሉ ንግግር ነበረው። ካሜራ ሲያይ ምላሱ ይያዝ ነበር። የመጀመሪያ ቀን «ደ… ደ… ደብዳቤ» ብሎ ቀረ። እኔ ደግሞ እንዴት ይለፈኝ…

ሚልኪያስ፦ አስመሰሉት።

ጋሽ ምትኩ፦ ድምፁን፣ አንገቱን፣ ዓይኑን ሲጨፍን። ቁርጥ እሱን! የመብራት ሠራተኛው ሳይቀር መሬት ላይ ተንከባለለ። ዳይሬክተሩ «ድገመው» አለኝ፣ ደገምኩት። ሦስት ጊዜ።

ሚልኪያስ፦ እሱም እኮ ይስቃል፣ ቪዲዮው ላይ።

ጋሽ ምትኩ፦ ምን ያድርግ? ሰው ሁሉ እየሳቀ እሱ ብቻውን ያልቅስ? በማግስቱ ንግግሩን ሰርዘው ፊሽካ ሰጡት። ከዚያ ወዲያ እስከ መጨረሻው ክፍል አንዲት ቃል አልተነፈሰም። ሃያ ሁለት ዓመት አብረን በልተን ጠጥተን አንድ ቀን አላነሳውም። እኔም አላነሳሁትም።

ሚልኪያስ፦ ይቅርታ ሳይሉት?

ጋሽ ምትኩ፦ ለፋሲካ እላለሁ፣ ሲሻለው እላለሁ… ሆስፒታል ተኝቶ እንኳ ሄጄ ቀልድ አወራሁለት። ፈሪ ነኝ፤ ሌላ ስም የለውም። አሁን እሁድ አርባው ነው። የልብ ጓደኛው ተብዬ የምናገረው እኔ ነኝ። አንተ ደግሞ ቅዳሜ ዩቲዩብ ላይ ልትለቀው ነው አሉኝ።

ሚልኪያስ፦ እውነት ነው። ሙሉውን፣ ሳልቆርጥ።

ጋሽ ምትኩ፦ ልጆቹ ያዩታል ሚልኪያስ! አባታቸው ላይ ያላገጥኩትን ቅዳሜ አይተው፣ እሁድ እኔ ቆሜ ስለ ወዳጅነት ላወራላቸው? በምን ዓይኔ ነው የማያቸው? በእናትህ።

ሚልኪያስ፦ አሳዘኑኝ። ግን ነገሩ እንደሚያስቡት…

ጋሽ ምትኩ፦ ቆይ። ገልብጠኸዋል? ኮምፒውተርህ ላይ አለ?

ሚልኪያስ፦ የለም። የኮምፒውተሬ ዲስክ ማንበቢያ ተበላሽቶ ጥገና ላይ ነው፤ ነገ ጠዋት ነው የምቀበለው። ይሄ አሮጌ ማጫወቻ ያጫውታል እንጂ አይገለብጥም።

ጋሽ ምትኩ፦ ሌላ ሰው እጅስ?

ሚልኪያስ፦ ስድስት ከተማ አስሻለሁ፤ ያገኘሁት ይሄን አንዱን ነው። እሱን እኮ ነው ልነግርዎ የፈለግኩት…

ጋሽ ምትኩ፦ እስቲ አሳየኝ። ማየቱን እንኳ አትከልክለኝ።

ሚልኪያስ፦ ጠርዙን ብቻ ይያዙት፤ ጣት አይወድም። ይኸውልዎ። ዲስኩ ላይ በታተመው ፎቶ እርስዎ መሐል ላይ ነዎት፣ ሽብሩ እዚህ በሩ ሥር… ኧረ ጋሽ ምትኩ! ኧረ ምን ሆኑ! ሰበሩት እኮ!

ጋሽ ምትኩ፦ እግዜር ይቅር ይበለኝ። ብትፈልግ ክሰሰኝ፣ ብትፈልግ ስደበኝ። አሁን ገና ተነፈስኩ።

ሚልኪያስ፦ ለሁለት… እንደ ብስኩት።

ጋሽ ምትኩ፦ ስደበኝ አልኩህ።

ሚልኪያስ፦ ምን ብዬ ልስደብዎ? ትናንት እታፈራሁ ደውላልኝ ነበር።

ጋሽ ምትኩ፦ የሽብሩ ሚስት? አንተን ከየት አውቃህ?

ሚልኪያስ፦ አፈላልጋኝ። ስድስተኛው ዲስክ አንተ ዘንድ አለ ወይ ብላ።

ጋሽ ምትኩ፦ ሰምታለች ማለት ነው…

ሚልኪያስ፦ ዱሮም ታውቃለች። ልጆቹም ያውቃሉ። ራሱ ነግሯቸዋል።

ጋሽ ምትኩ፦ ሽብሩ? ስለ እኔ?

ሚልኪያስ፦ ፊሽካ ለምን እንደሚነፋ ሲጠይቁት ምን ይበላቸው?

ጋሽ ምትኩ፦ እያወቁ ነው እንግዲህ እሁድ ተናገርልን ያሉኝ… ታዲያ ያንን ጉድ ለምን ፈለገችው?

ሚልኪያስ፦ ስለሚናገርበት ነዋ። ቤታቸው ያለውን ቪዲዮ ሁሉ አገላብጣዋለች፤ ሠርግ አለ፣ ልደት አለ፣ ምርቃት አለ። ስልክ ሲደገንበት ጸጥ ነው፤ እጁን ብቻ ያወዛውዛል። እርስዎ ከሳቁበት ቀን ጀምሮ ካሜራ ፊት አፉን ከፍቶ አያውቅም። «እንኳን ሳቁ፣ ቢረግሙትም ግድ የለኝም፤ ድምፁ ይድረሰኝ» ነው ያለችኝ።

ጋሽ ምትኩ፦ ሙጫ… ሙጫ የለህም? ይሄ ይጋጠማል እኮ። እየው፣ ይጋጠማል።

ሚልኪያስ፦ አይጋጠምም ጋሽ ምትኩ።

ጋሽ ምትኩ፦ ለምን ቀድመህ አልነገርከኝም? ለምን?

ሚልኪያስ፦ ሁለቴ ጀመርኩ፤ አላስጨረሱኝም።

ጋሽ ምትኩ፦ ምን ልትላት ነው? ስትመጣ ምን ትላታለህ?

ሚልኪያስ፦ እኔ ምንም አልልም። ነገ ሦስት ሰዓት ላይ ከልጆቿ ጋር እዚህ ትሆናለች፤ እርስዎም ይምጡ። ከእንግዲህ የሽብሩን ድምፅ የሚያሰማቸው እርስዎ ብቻ ነዎት።